የእንዶድ በር ቁራኛ

ቁራኛ የገባ ሰው ዳቦ ሊገዛ ሲሄድ የሚሰጠው የአንድ ሰው ዳቦ ነው። ሁለት አፍና ሁለት ሆድ ይዘው ቢቆሙም የመሸጫው ሳጥን የሚያየው አንድ መታወቂያ ነው። አንጓች ይህን ያወቀችው በመጀመሪያው ጠዋት ነበር። ዳቦው ከሳጥኑ ተንሸራቶ ሲወጣ እትዬ ዘርትሁን ቀድመው አነሱት፤ ከመሃሉ ገመሱትና ትልቁን ለራሳቸው አስቀሩ።

«ተከሳሽ ይበላል፣ ከሳሽ ያወራል፤» አሉ። «ወጉ እንደሱ ነው።»

«እንደዚህ የሚል ወግ የለም።»

«አንቺ የምታውቂው የተጻፈውን ነዋ! ሙሉ ዳቦ ካማረሽ ክሱን አንሺ።»

«ሐሙስ ችሎት እንቀርባለን። እስከ ሐሙስ ግማሽ ዳቦ አይገድለኝም።»

«አይ ኩራት!» አሉ እትዬ ዘርትሁን እያላመጡ። «ኩራት ቢያጠግብ ኖሮ አንቺ እስካሁን ትወፍሪ ነበር።»

አዋጁ ከወጣ ቆይቷል። ማዕከላዊው መንግሥት፣ ሰው ሁሉ «ማዕከሉ» የሚለው፣ ወህኒ ቤቶቹን የዘጋው ወጪ በዛ ብሎ ነው። ታዲያ እስረኛውን የት ያድርገው? አንዱ አዋቂ የድሮ ወግ ቆፍሮ አወጣ። ድሮ ከሳሽና ተከሳሽ ዳኛ እስኪያገኙ ድረስ ነጠላቸውን ቋጥረው አብረው ይሄዱ፣ አብረው ያድሩ ነበር። አሁን በነጠላው ፈንታ አንባር አለ። አንዱ ከሌላው ከአንድ ክፍል ስፋት በላይ ከራቀ አንባሩ ይጮኻል። መታወቂያቸው ተዋህዶ አንድ ይሆናል፤ የቤት በር የሚከፈተው፣ አውቶቡስ የሚያሳፍረው፣ ውሃ የሚቀዳው ሁለቱም ፊት አብሮ ሲታይ ነው። ዘበኛ አያስፈልግም፤ ከሳሹ ራሱ ዘበኛ ነው። ጋዜጦቹ አዋጁን «ወደ ባህላችን የተመለስንበት» ብለው አወደሱት።

አንጓች አዋጁን ከነአንቀጹ በቃሏ ትወጣዋለች። ትምህርት ቤት የሄደችው እስከ ስምንተኛ ክፍል ነው። የቀረውን ያስተማረችው ራሷ ናት፤ ያገኘችውን ሁሉ እያነበበች፣ ያልገባትን እየደገመች፣ የገባትን ደግሞ ላልጠየቃትም እያስረዳች። ገና ሃያ ስድስት ዓመቷ ነው፤ በንቅናቄው ውስጥ ከእሷ ጋር ክርክር የሚገጥም ሰው ከጠፋ ግን ሰንብቷል።

ሐይቅማዶ ከማዕከሉ ተነጥሎ ራሱን የቻለ አገር ይሁን የሚለው ንቅናቄ ከአንጓች ዕድሜ ይበልጣል። የሚፈልገው ነገር ለልጅም ይገባል። በየከተማው አንድ የፊት ምሰሶ አለ። ምሰሶው ፊት ያያል፤ ያወቀውን ፊት ለበሮች ይናገራል፤ በሮችም ይከፈታሉ። ምሰሶዎቹ ሁሉ የማዕከሉ ናቸው። ንቅናቄው «በራችንን እኛው እንክፈት» ይላል። በዚህ የሚጣላ የለም። ጠቡ እንዴት በሚለው ላይ ነው፤ በዚህም የተነሳ ንቅናቄው ሁለት ልጆች ወልዷል። ቋሚዎቹ በየጠዋቱ ይቆማሉ። ቆራጮቹ ምሰሶ ይቆርጣሉ። ቋሚዎቹ ቆራጮቹን «እሳቶች» ይሏቸዋል፤ ቆራጮቹ ደግሞ ቋሚዎቹን «የመብራት እንጨቶች»።

አንጓች ቋሚ ናት፤ እናቷም ቋሚ ነበረች።

የሐይቅማዶ ዋና ከተማ ሸንበቆ ናት። የማዕከሉ ጽሕፈት ቤት ያለውም እዚያ ነው። ቋሚዎቹ በየጠዋቱ ሦስት ሰዓት ላይ ከደጁ ተሰልፈው ይቆማሉ፤ ፈቃድ አላቸው። መፈክር የለም፣ ጩኸት የለም። ከበሩ በላይ ያለው ሰሌዳ የቆሙትን ፊት ቆጥሮ ሲጨርስ «ስለ ሰላማዊነታችሁ እናመሰግናለን» ይላል፤ እነሱም ወደየሥራቸው ይበተናሉ። ሕፃናትን በዚያ ሰልፍ ላይ መራመድ ያስተማሩ እናቶች አሉ። የተጫጩም አሉ።

ከቁራኛው በኋላ በነበረው የመጀመሪያ ሰልፍ አንጓች ቦታዋን ስትይዝ እትዬ ዘርትሁን አጠገቧ ቆሙ፤ ሌላ ምርጫ የላቸውማ። ሰልፈኛው አንገቱን እየጠመዘዘ ያያል። ከኋላ አንድ ጎልማሳ ጉሮሮውን ጠረገ።

«ይቅርታ፣ እኚህ ሴትዮ የቆሙት በከሳሽ ወገን ነው በተከሳሽ?»

«በልማድ ነው የኔ ልጅ፤» አሉ እትዬ ዘርትሁን ዞር ሳይሉ። «ሠላሳ ዓመት ቆሜያለሁ። እግሬ አበጠ እንጂ አገሬ አልቆመም።»

አንዳንዱ ሳቁን ዋጠ። አንዲት ሴት ደግሞ ሰሌዳው እንዳያያት ጎንበስ ብላ የእትዬ ዘርትሁንን እጅ ጨበጥ አድርጋ ለቀቀች። አንጓች አይታለች፤ አላየሁም ለማለትም አልሞከረችም።

እትዬ ዘርትሁን ስድሳ ዓመት ያለፋቸው ጀልባ ነጂ ናቸው። ዕድሜያቸውን ሙሉ በሸንበቆና በእንዶድ በር መካከል ሰውና እህል ሲያመላልሱ ኖረዋል። በመጋቢት ወር አንድ ማታ የጀልባቸውን ገመድ በእንዶድ በር ምሰሶ ላይ አስረው፣ ሞተሩን አስነስተው፣ ምሰሶውን ከነሥሩ ወደ ሐይቁ ጎተቱት። ስለ ነገሩ የወጣው ሪፖርት እንደሚለው፣ ከዚያ በኋላ ለሦስት ቀን በእንዶድ በር የተከፈተ በር አልነበረም። ጥሩሰው የሚባል ሰው የአስም ሕመሙ ተነሥቶበት፣ መድኃኒቱ ከመስታወቱ ማዶ እየታየው፣ ከጤና ጣቢያው ደጃፍ ላይ ሞተ። ይህ በተሰማ በማግስቱ እትዬ ዘርትሁን ሸንበቆ ሰልፉ ላይ መጥተው በሁሉም ፊት «እኔ ነኝ» አሉ።

ማዕከሉ ይህን ሲሰማ አልተቆጣም። እንዲያውም ለንቅናቄው የሚያጓጓ ነገር ይዞ መጣ። ንቅናቄው ራሱ፣ በገዛ ስሙ፣ ቆራጯን ከሶ ካስፈረደባት በግንቦት ድምፀ ውሳኔ ይደረጋል፤ ሐይቅማዶ ይገንጠል አይገንጠል ሕዝቡ ይወስናል። ሦስት ትውልድ የቆመለት ነገር ማለት ነው። የንቅናቄው ሊቀመንበር ጋሼ ምንይችል ስብሰባ ጠርተው «ማን ይከሳል?» ሲሉ ሁሉም ጫማውን ማየት ጀመረ። አንጓች እጇን አወጣች። ግንቦትን ብላ ብቻ አይደለም፤ በእውነት ተቆጥታ ነበር። ሰው ሞቷል።

ቅጣቱ ፊት መፋቅ ነው። ፊቱ የተፋቀን ሰው ከዚያ በኋላ የትኛውም ምሰሶ አያውቀውም፤ የትኛውም በር አይከፈትለትም፤ እስኪሞት ድረስ።

ከሰልፉ ሲመለሱ እትዬ ዘርትሁን ወሬ ጀመሩ። ቁራኛ ከገቡ ወዲህ ዝም ያሉበት ሰዓት ትንሽ ነው።

«ክስሽን አነበቡልኝ። ደስ ሲል! አማርኛሽ ያምራል። ግን 'ከተማዋ በጨለማ ተዋጠች' ብለሻል። ያን ጊዜ ጨረቃ ሙሉ ነበረች እኮ።»

«ምሳሌያዊ አነጋገር ነው።»

«ሰው በምሳሌ ይከሰሳል?»

«የሞተው ሰው ምሳሌ አይደለም፣ እትዬ።»

እትዬ ዘርትሁን እርምጃቸውን ቀነሱ። ከዚያ እንደገና ጀመሩ፤ ድምፃቸው ግን የበፊቱ አልነበረም። «እንዶድ በርን ረግጠሽው ታውቂያለሽ?»

«ሪፖርቱን አንብቤያለሁ።»

«ሪፖርቱንስ ማን ጻፈው?»

«ማዕከሉ ነው—» አንጓች ካፏ ከወጣ በኋላ ሰማችው። ማዕከሉን በምንም ጉዳይ አምና አታውቅም፤ ይህን አንድ ነገር ግን እንዳለ ውጣለች። ነገሩ አሳፈራት፤ ከማፈሯ በላይ ግን ማየት አማራት። በር ሁሉ የተዘጋበት ከተማ ሦስት ቀን ምን ይመስላል? ሰው ምን ይበላል? ማን ማንን ያስገባል?

«እንሂድ፤» አለች።

«የት?»

«እንዶድ በር። ሐሙስ ገና ነው።»

እትዬ ዘርትሁን ይሥቃሉ ብላ ጠብቃ ነበር። አልሣቁም። ነጠላቸውን አጣፉ፣ መልሰው ዘረጉ። «ምን ያደርግልሻል?» አሉ ቀስ ብለው። «ያው ከተማ ነው።»

ከአንደበታቸው ወሬ ሲጠፋ አንጓች ለመጀመሪያ ጊዜ አየች። ይሄኔማ ማንም ከመሄድ አይመልሳትም።

የሕዝብ ጀልባው ነጂ የለውም፤ መንገዱን ራሱ ያውቃል። ለሁለቱ የደረሳቸው አንድ ወንበር ስለሆነ እየተፈራረቁ ተቀመጡ። አንጓች ለትልቅ ሰው ወንበር መልቀቅ ደንብ እንደሆነ ብታውቅም የእሷ ተራ ሲደርስ ግን ትቀመጣለች፤ እትዬ ዘርትሁንም ተራቸውን አያስነኩም። ሐይቁ መሃል ሲደርሱ አሮጊቷ የነጂ ወንበር ሊኖርበት የሚገባውን ባዶ ቦታ እያዩ ተናገሩ።

«ለምን እንደቆረጥኩት ጠይቀሽኝ አታውቂም።»

«ክሱ 'ማን' እና 'ምን' ነው የሚጠይቀው።»

«አንቺስ?»

አንጓች መልሱን ለማወቅ ጓጉታ ነበር። «ለምን ቆረጡት?»

«አራት ጥርሴን ነቀልኩ። ጉንጬ ጎደጎደ። በማግስቱ ጀልባዬ ጋ ብሄድ አላውቅሽም አለችኝ። የገዛ ጀልባዬ! ልጅ ሆኜ በገዛ እጄ ቀለም የቀባኋት። ሸንበቆ ሄጄ አመለከትኩ፤ ፊትሽ ይታደሳል፣ ጠብቂ አሉኝ። ክረምቱ አለፈ፤ ፊቴ የታደሰው በየካቲት ነው። ያን ሁሉ ጊዜ ጠዋት ጠዋት እዚያ ሰልፍ ላይ እቆማለሁ፤ ሰሌዳው ስለ ሰላማዊነትሽ አመሰግናለሁ ይለኛል። ያኔ አንድ ነገር ታየኝ። ስቆም ሰሌዳው ያውቀኛል። ስሠራ ጀልባዬ አታውቀኝም። መቆሜን ወደውታል ማለት ነው።»

አንጓች መልስ ፈለገች። ሁልጊዜ መልስ አላት። ብዙ መልሶች መጡላት፤ ሁሉም እናቷ ትለው ከነበረው የተወሰዱ ነበሩ።

«ሰው ሞቷል፤» አለች በመጨረሻ።

«አውቃለሁ፤» አሉ እትዬ ዘርትሁን። «ተራሽ ነው፣ ተቀመጪ።»

እንዶድ በር ሲደርሱ መጀመሪያ የታያቸው አዲሱ ምሰሶ ነው፤ ከድሮው ረዝሞ፣ ነጭ ተቀብቶ ቆሟል። ቀጥሎ አንጓችን ያስገረማት ሌላ ነገር ነበር። በር የለም። ዳቦ ቤቱ በር የለውም፤ ሱቁ በር የለውም፤ ትምህርት ቤቱም። ማጠፊያዎቹ ባዶአቸውን ግድግዳው ላይ ተንጠልጥለዋል፣ መዝጊያዎቹ ከየቤቱ ጎን ተጋድመዋል፤ አንዱ ላይ በርበሬ ተሰጥቶበታል። ምሰሶው ከላይ ሆኖ ፊት እያየ ይናገራል፤ የሚሰማው በር ግን ያለ አይመስልም።

ዳቦ ቤት ገቡ። ጋጋሪዋ ክንዷ እንደ ቅል የወፈረ ሴት ናት። አንጓች አንባሯን ወደ ሳጥኑ ስትዘረጋ ጋጋሪዋ በሊጥ እጇ ከለከለቻት።

«ማን ያውቅሻል?»

«መታወቂያዬ—»

«እሱማ ምሰሶው ነው የሚያውቅሽ። እዚህ ከተማ ማን ያውቅሻል? ዋስ አለሽ ወይ?»

እትዬ ዘርትሁን ነጠላቸውን እስከ ዓይናቸው ስበው ወደ ግድግዳ ዞረው ነበር። አልጠቀማቸውም። ዳቦ ሲመርጡ ከነበሩት ከሁለቱ ወንዶች አንዱ አጎንብሶ አያቸውና «እኔ አውቃቸዋለሁ!» ብሎ ትከሻቸውን ሳመ። ሁለተኛው የያዘውን ዳቦ መልሶ አስቀመጠና ምንም ሳይናገር ወጣ።

«እሺ፣ ዋስ ተገኘ፤» አለች ጋጋሪዋ። ለሁለቱ ሁለት ዳቦ ሰጠቻቸው፤ አንጓች ሙሉ ዳቦ በእጇ ስትይዝ ክብደቱ እንግዳ ሆነባት። ጋጋሪዋ ግን እትዬ ዘርትሁንን አንዴም ቀና ብላ አላየቻቸውም።

«ያኔ እንዴት ነበር?» አለች አንጓች። ለከሳሽ የሚገባ አጠያየቅ አልነበረም፤ እንደ ልጅ ነው የጠየቀችው።

«የትኛው?» አለ ዋሱ ሰውዬ። «በመጀመሪያው ቀን አለቀስን። በሁለተኛው በር ሰበርን። በሦስተኛው ሠርግ ነበረን። ዳኛው ከምሰሶው ማረጋገጫ ስለሌለ አላጋባም ቢል፣ ሽማግሌዎቹ 'ሙሽራዋን ማን ያውቃታል?' ብለው ጠየቁ፤ ከተማው በሙሉ 'እኔ!' አለ። ጠላቶቿ ጭምር! ከዚያ ወዲህ ዳቦም፣ ብድርም፣ ሚስትም በዋስ ሆነ።»

«ሠርጉን ትነግራታለህ፣ ቀብሩን አትነግራትም?» አለች ጋጋሪዋ።

ሰውዬው ወደ ዳቦዎቹ ዞረ።

ጋጋሪዋ ሊጡን ደበደበችው። «እኔ እነግርሻለሁ። ጥሩሰው የሞተው በመጀመሪያው ማታ ነው። ሃያ ሰው ደጃፉ ላይ ቆመን ነበር። በሩን ገፋነው፣ ለመንነው፣ ፊታችንን እያዞርን አሳየነው። መጥረቢያ በየቤታችን አለ እኮ! ትዝ ያለን ግን ሲነጋ ነው። በር የሚሰበር ነገር መሆኑን ረስተን ነበር።» ሊጡን አገላበጠችው። «እሷንም እረግማታለሁ። እኛንም።»

ይህ ሪፖርቱ ውስጥ አልነበረም። አንጓች ክሷን በልቧ ከላይ እስከታች አየችው። ስለ መጥረቢያው የሚገባበት ቦታ የለውም። ስለ ሠርጉም።

ሲወጡ እትዬ ዘርትሁን ከመንገዱ ዳር ጎንበስ ብለው ድንጋይ መረጡ። ትንሽ አልመረጡም። ትከሻቸው ላይ አውጥተው በሁለት እጃቸው ያዙት።

«የት ነው?»

«አንቺ ባታመጪኝ አልመጣም ነበር። ፈርቼ ነው የኖርኩት፤» አሉ እያለከለኩ። «ከመጣሁ ግን ባለደሟን ሳላይ አልመለስም። ነይ ተከተይኝ፤ አለዚያ ይሄ ጌጥሽ ይጮሃል።»

የጥሩሰው ቤት ከሐይቁ ዳር ነው። ሚስቱ ፀዳሉ ግቢው ውስጥ መረብ ትጠግናለች። ከአንጓች በጥቂት ዓመት ብትበልጥ ነው፤ ጥቁሩን ገና አላወለቀችም። አሮጊቷ ድንጋያቸውን ተሸክመው ከግቢው መግቢያ ላይ ተንበረከኩ። በወጉ ባለደም እስኪናገር ድረስ ድንጋይ የተሸከመ ሰው አይናገርም። ፀዳሉ ቋጠሮውን እስክትጨርስ ቆየች። የእትዬ ዘርትሁን ክንድ መንቀጥቀጥ ጀመረ።

«አውርጂው፤» አለች ፀዳሉ። «እግርሽ ላይ ወድቆ ሌላ ጣጣ ያመጣብኛል።»

ለእናቷ እኩያ «አንቺ» ማለቷ አንጓችን ጆሮዋን አሳከካት። እትዬ ዘርትሁን ግን ቅር አላላቸውም፤ ድንጋዩን አወረዱና እዚያው ቁጭ አሉ።

ፀዳሉ ወደ አንጓች ዞረች። «ከሳሿ አንቺ ነሽ?»

«አዎ። በንቅናቄው ስም።»

«ስለማን ደም?»

«ስለ… ባልሽ። ስለ ጥሩሰው።»

«ጥሩሰው ምንሽ ነው?»

የአንጓች ዓይን ድንጋዩ ላይ አረፈ።

«እኔንስ ማን ጠየቀኝ?» ፀዳሉ ድምፅዋን አላነሳችም። «የባሌን ደም ይዛችሁ ሸንበቆ ስትከራከሩበት፣ ድምፀ ውሳኔ ስትለውጡበት፣ አንድ ሰው ሐይቁን ተሻግሮ መጥቶ 'ፀዳሉ፣ ምን ትያለሽ?' ብሎኛል? ጥሩሰው ቋሚ ነበር። ሲተነፍስ እያፏጨ እንኳ ይቆም ነበር። እናንተስ ለሱ ለመቆም መጣችሁ?»

አንጓች የቁራኛውን አዋጅ ስትደጋግም ሁልጊዜ ከአፏ የሚወጣው የመጀመሪያው አንቀጽ «ክስ የባለደም ነው» የሚለው ነው። በቃሏ ታውቀዋለች። ክሱን ስትጽፍ ግን ማዕከሉ «ንቅናቄው በገዛ ስሙ» ብሎ ስለነበር አልፋው ሄደች። ከሐይቅማዶ ልጅ የማይጠበቅ ስሕተት ነው፤ የመንደር ሽማግሌ እንኳ በግ ለጠፋበት ሰው ሲፈርድ መጀመሪያ ባለበጉን ይጠይቃል።

«ሐሙስ ምን ይሆናል?» አለች ፀዳሉ።

«ፊታቸው ይፋቃል።»

«ከዚያስ የት ትሄዳለች?»

«የትም። የሚያውቃቸው በር አይኖርም።»

«እኔ ላገኛት ብፈልግስ?»

«አታገኚያቸውም።»

ፀዳሉ መረቡን ከጭኗ ላይ አነሳችና አጠፈችው። «እንዲህማ አይሆንም። ቁራኛውን ስጪኝ።»

«ምን?»

«በድሮው ወግ ባለደም ሲመጣ ሌላው ከሳሽ ቋጠሮውን ይፈታል። አዋጃችሁ ይሄን አስቀርቶታል?»

አላስቀረውም። አንጓች አንቀጹን ታውቀዋለች፤ በዚያች ሰዓት ባላወቅኩት ብላ ተመኘች። ባለደም ከጠየቀና ከሳሹ ከፈቀደ ቁራኛው ይተላለፋል። ጉዳዩም ከችሎት ወጥቶ ወደ ባለደሟና ወደ መንደሯ ሽማግሌዎች ይሄዳል። የፊት መፋቅ አይኖርም። ንቅናቄውም ከሳሽ መሆኑ ይቀራል። ግንቦትም አብሮ።

«ይቅር ብለሻቸዋል ማለት ነው?» አለች።

«ከማን አፍ ወጣ?» ፀዳሉ ደነገጠች ማለት ይቻላል። «ይቅር አላልኩም። እንዳትጠፋኝ ነው።»

በዚህ ጊዜ ከመሬት ጩኸት ተነሳ። እትዬ ዘርትሁን ነበሩ። «አይሆንም! አንጓች፣ ልጄ፣ ችሎት ውሰጂኝ! ፊቴን ይፋቁት፣ ጫካ እገባለሁ፣ ውሻ ይብላኝ። ከሷ ጋር አትሰሪኝ። በየጠዋቱ ፊቷን እያየሁ…» እጃቸው የአንጓችን ቀሚስ ጨምድዶ ያዘ። ሸንበቆ ሰልፍ ላይ በሁሉም ፊት «እኔ ነኝ» ያሉት ሴት፣ ሞት እንደማይፈሩ የምትምልላቸው ሴት፣ አሁን ይለምኗት ነበር። አንጓች ጎንበስ ብላ አየቻቸው። በሁለቱ ቅጣቶች መካከል ያለውን ልዩነት የትኛውም አንቀጽ እንደዚህ አስረድቷት አያውቅም።

አንባሩ ጠራ። ጋሼ ምንይችል ናቸው። ቁራኛ የገባ ሰው ንግግር ለከሳሹ ወገን፣ በዚህ ጉዳይ ለንቅናቄው ጽሕፈት ቤት፣ ይተላለፋል፤ ከግቢው ጀምሮ ሁሉን ሰምተዋል።

«አንጓች፣ የኔ ልጅ፣ ተረጋጊ። እዚያው ሆነሽ እምቢ በያትና ተመለሺ። ማዘን እንችላለን፤ ከግንቦት በኋላ እናዝናለን።»

«ከግንቦት በኋላ ማን ትዝ ይለዋል፣ ጋሼ?»

«ሦስት ትውልድ ቆሟል! እናትሽ ቆማለች! አንድ ሐሙስ ነው የቀረን። የገዛ በራችንን ልንከፍት ነው! ለአንዲት ሴትዮ ብለሽ ይህን ልታፈርሺው ነው?»

«ሁለት ናቸው፤» አለች አንጓች።

«ማዕከሉ ቀኑን ያነሣዋል! ይገባሻል? ቆራጮቹም ነገ ሌላ ምሰሶ ይጥላሉ፤ ሰው ሁሉ 'ቋሚዎቹ አዝለው አሳለፏቸው' ይላል።»

ሁሉም እውነት ነበር። አንጓች ይህን ለመካድ አልሞከረችም፤ ጋሼ ምንይችል ውሸታም ሰው አይደሉም። ቆራጮቹ ነገ ሊስቁ እንደሚችሉ፣ እናቷም በሕይወት ብትኖር እንደምታኮርፋት አወቀች። አንድ ነገር ብቻ ከጉሮሮዋ አልወርድ አለ፤ ሐይቅማዶ የገዛ በሩን ሲከፍት በመጀመሪያው በር የሚያልፈው ፀዳሉ ያልተጠየቀችበት ደም ነው። ማዕከሉም ያደረገው ይህንኑ ነው። ሳይጠይቅ መውሰድ።

«ጋሼ፣» አለች፣ «ብንገነጠል ኖሮ ይሄን ጉዳይ እንዴት እንዳኘው ነበር?»

«ባለደሟን ጠይቀን ነበር፤» ብላ ራሷ መለሰች።

«እንግዲያው ዛሬ እንደዚያው እንዳኘው፤» አለች፤ ወደ አንባሩም ጎንበስ ብላ የአዋጁን ቃል ሳትስት ተናገረች። «እኔ ከሳሽ፣ ባለደም ጠይቃኛለች፤ ቁራኛውን አስተላልፌያለሁ።»

አንባሩ ላላ። አውልቃ ለፀዳሉ ስትሰጣት እጇ ላይ ነጭ ክብ ቀርቶ ነበር። ፀዳሉ አጠለቀችው፤ ጠበበና ገጠመ። እትዬ ዘርትሁን ፊታቸውን በነጠላቸው ሸፈኑ።

የማዕከሉ መልስ ጀልባው ሳይመጣ ደረሰ። አጭር ነው፣ ጨዋ ነው። የድምፀ ውሳኔው ቀን ላልተወሰነ ጊዜ ተራዝሟል፤ ሕዝቡ ስለ ሰላማዊነቱ ይመሰገናል። አንጓች ሁለት ጊዜ አነበበችው። ነገ ሦስት ሰዓት ላይ ግንቦትን ያጠፋው ማን እንደሆነ ለቋሚዎቹ እሷው ትነግራቸዋለች፤ ለጋሼ ምንይችል አትተወውም። የሚመልሱላትን ለማወቅ ካሁኑ ጓጉታለች፤ ፈርታለችም።

ፀዳሉ ከቤት ዱካ አምጥታ ከእትዬ ዘርትሁን ፊት ለፊት ተቀመጠች። ለአሮጊቷ ዱካ አላመጣችላቸውም፤ ካሉበት እንዲነሡም አላዘዘቻቸውም።

«ምሰሶው የወደቀ ማታ፣» አለች፣ «ሸንበቆ ቤትሽ ገብተሽ ተኛሽ?»

«ተኛሁ።»

«እንቅልፍ ወሰደሽ?»

እትዬ ዘርትሁን ነጠላቸውን ከፊታቸው አወረዱ። ብዙ ሊሉ አፋቸውን ከፍተው ነበር፤ ያሉት ግን ትንሽ ነው። «ወሰደኝ። ደስ ብሎኝ ነበር።»

ፀዳሉ ራሷን ነቀነቀች፤ ልክ ሊነገራት የሚገባው ነገር እንደተነገራት ሁሉ።

«እኔ በዚያን ሰዓት የጤና ጣቢያውን በር በመዳፌ እየደበደብኩ ነበር። ከዚያ እንጀምር።»

አንጓች ከግቢው አልወጣችም። የሚከተለውን ለመስማት ጀልባው ቢያመልጣት ግድ አልነበራትም። ፀዳሉ ቀና ብላ አየቻት።

«ሂጂ እህቴ፤» አለች፤ በክፋት አልነበረም። «ይሄ የሁለታችን ነው።»